ስለ ይፋት ድንጋዮች ምስክርነት፤ በመጽሐፈ ኢያሱ ምዕራፍ 4 ላይ የቀረበ ታሪካዊ ሐተታ

በመጽሐፈ ኢያሱ በምዕራፍ 4 እንደ ተጻፈ፥ እስራኤል ዮርዳኖስን በተሻገሩ ጊዜ 12 ድንጋዮች ከወንዙ መካከል አውጥተው በጌልገላ አቆሙ። የመቆማቸውም ምክንያት በዚያው ተነግሯል፤ በኋላ ዘመን ልጆች የድንጋዮቹን ነገር በጠየቁ ጊዜ አባቶች የሆነውን እንዲነግሯቸው ነው። ይህ ንባብ ሦስት ነገር ያስተምራል። አንደኛው፥ ድንጋይ ምስክር ነው፤ ነገር ግን አፍ የለውምና የሚናገርለት ሽማግሌ ያሻዋል። ሁለተኛው፥ ሽማግሌው ያልሆነውን ቢናገር ድንጋዩ ዝም ይላል፥ ሐሰቱም በልጁ ልብ ተተክሎ ይቀራል። ሦስተኛው፥ ድንጋዩ ከቆመበት ከተነቀለ ልጅ የሚጠይቀውን ያጣል፥ አባትም የሚመልሰውን ይረሳል።

ይህ ሥርዐት በዮርዳኖስ ዳር ብቻ ተወስኖ የሚቀር አይደለም። በሸዋ ምሥራቅ፥ ከጣርማ በር ገደል ሥር፥ ምድሩ እየተዋረደ ወደ አዋሽ በረሃ በሚወርድበት በይፋት ቆላ እንዲህ ያሉ ድንጋዮች አሉ። ከደጋው የሚፈሱት ወንዞች፥ ሮቢትም ጀውሃም፥ ቆላውን እያረሰረሱ ወደ ምሥራቅ ይወርዳሉ፤ በየመካከላቸውም ተረተሩ እንደ ጣት ተዘርግቶ ይታያል። ከነዚህ ተረተሮች በአንዳንዶቹ ላይ የፈረሱ ከተሞች ግንብ፥ የመስጊድ ግድግዳ፥ የመቃብርም ረድፍ ይገኛል። አስባሪ፥ መሳል፥ ኖራ፥ ራሳ ጉባ፥ በሪ ይፋት የሚባሉት ስፍራዎች ስማቸው በሊቃውንት መጽሐፍ ተጽፏል። በጀውሃ ገበያ የሚገናኙት ደገኛና ቆለኛ፥ ክርስቲያንና እስላም፥ አማራና አርጎባ፥ ኦሮሞና አፋር ሁሉ የነዚህ ድንጋዮች ጎረቤቶች ናቸው። ስለዚህ ልጅ አባቱን፥ እነዚህን ማን ሠራቸው ብሎ በጠየቀ ጊዜ ምን ተብሎ እንደሚመለስለት መመርመር ይገባል። (በዚህ ሐተታ የተጻፈው ዘመን ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ነው።)

የነገሩ መጀመሪያ እንዲህ ነው። ኤንሪኮ ቼሩሊ የተባለው የኢጣልያ ሊቅ በ1941 ያሳተመው አንድ አጭር የዐረብኛ ዜና መዋዕል፥ በሸዋ ምሥራቅ የመኽዙም ወገን ነን የሚሉ የእስላም መሳፍንት ይገዙ እንደ ነበረ ያስረዳል። በዚያ ጽሑፍ ከሚገኙት ቀደምት ስሞች አንዱ የሴት ስም ነው፤ ባዲት የማያ ልጅ የተባለች ንግሥት በ1063 ሞተች ይላል። እንግዲህ የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ሳይፈለፈሉ፥ ዐፄ ይኩኖ አምላክም ሳይነግሡ፥ በዚህ ቆላ መንግሥት ነበረ፥ ዘመንም ይቈጠር ነበረ፥ ታሪክም ይጻፍ ነበረ። ኋላ ግን እነዚህ መሳፍንት እርስ በርሳቸው ሲዋጉ ኃይላቸው ደከመ፤ ወላስማዕ የተባለው የይፋት ሹም በ1285 አገራቸውን ጠቅልሎ ያዘ። ዐፄ ይኩኖ አምላክ የነገሡ በ1270 ነውና፥ በደጋው ቤተ ሰሎሞን፥ በቆላው ቤተ ወላስማዕ በ15 ዓመት ልዩነት ተነሡ ማለት ነው። ሁለቱም ቤቶች በአንድ ተራራ ግራና ቀኝ ያደጉ ጎረቤቶች ነበሩ።

የይፋት ኃይል ከምን መጣ ቢሉ፥ ከመንገድ መጣ። ከዘይላ ወደብ ተነሥቶ በረሃውን አቋርጦ ወደ ሸዋና ወደ አማራ ደጋ የሚወጣው ሲራራ ነጋዴ ሁሉ የሚያርፈው በይፋት ነበረ። ከደጋው ወርቅና የዝሆን ጥርስ ይወርዳል፤ ከባሕር ማዶ ልብስና ልዩ ልዩ ሸቀጥ ይወጣል። በዚህ መንገድ ባሪያ ተብለው የሚሸጡ ሰዎችም ይነዱ ነበረ፤ የሠራን ሰው ሥራውን ማመስገን ይህን መሸፈን አይደለምና ሳይነገር አይታለፍም። ግመሉ ደጋውን ስለማይችል፥ አጋሰሱም በረሃውን ስለማይችል፥ ሸክም የሚገለበጥበት ስፍራ በሁለቱ መካከል መሆን ግድ ነው። ከተሞቹ በተረተር ላይ የተሠሩበት ምክንያትም ከዚህ ይታወቃል፤ ከታች ካለው ንዳድ ይርቃሉ፥ ከላይ ካለው ጠላት ይጠበቃሉ፥ መንገዱንም ያያሉ።

ይህን የሚመሰክር ጽሑፍ በምስር አገር ተገኝቷል። ኢብን ፈድል አላህ አል ዑመሪ የተባለው የካይሮ ጸሐፊ፥ በ1349 የሞተው፥ ስለ ኢትዮጵያ እስላሞች ሰባት አገሮች ጽፏል። ከሰባቱም ለዘይላ መንገድ የቀረበችውና ስሟ የገነነው ይፋት ነበረች፤ 15,000 ፈረሰኛና ከ20,000 የሚበልጥ እግረኛ ታሰልፍ እንደ ነበረ፥ በምድሯም ሸንኮራና ሙዝ፥ ሎሚም እንደሚበቅል ነገሩኝ ይላል። ነገሩን የነገረው ዐብደላህ አዝ ዘይለዒ የተባለ ሼኽ ነው። ይህ ሰው ወደ ካይሮ የሄደበት ጉዳይ ለካህናት ልብ ሊባል የሚገባ ነው፤ የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት እስላሞችን እንዳያስጨንቅ የእስክንድርያው ፓትርያርክ ደብዳቤ ይጽፍለት ዘንድ ሱልጣኑን ለመለመን ነበረ። የይፋት ሰው በንጉሡ ላይ አቤት ሲል የክርስቲያኖችን አባት ቃል ፈለገ፤ ቃሉ በኢትዮጵያ ንጉሥ ዘንድ እንደሚሰማ ዐውቋልና።

ይኸው አል ዑመሪ በዚያው መጽሐፍ ስለ ማሊ ንጉሥ ስለ መንሳ ሙሳ ጽፏል። መንሳ ሙሳ በ1324 ወደ መካ ሲያልፍ በካይሮ ካፈሰሰው ወርቅ ብዛት የተነሣ የወርቅ ዋጋ ወደቀ። እንግዲህ አስተዋይ አንባቢ ይመርምር፤ በ14ኛው መቶ ዓመት በምስር አደባባይ የተቀመጠ ጸሐፊ የአፍሪቃን ምዕራብና ምሥራቅ በአንድ መጽሐፍ ሲያኖር፥ ከምዕራብ ማሊን፥ ከምሥራቅ የኢትዮጵያን ንጉሠ ነገሥትና ይፋትን እያነሣ ጽፏል። ዛሬ የማሊ ስም በየአገሩ ሲጠራ፥ የይፋት ስም ግን በገዛ ጎረቤቶቿ ዘንድ እንኳ ተረስቷል።

የሁለቱ ቤቶች ጠብ ደግሞ እንዲህ ሆነ። ዐፄ ዐምደ ጽዮን ከ1314 እስከ 1344 ነገሡ። በዘመናቸው የይፋት ሱልጣን ሰብረ ዲን ተነሣባቸው፤ የንጉሡ ዜና መዋዕል እንደሚተርከው፥ በንጉሡ ከተማ በመራዴ ጫት እተክላለሁ ብሎ ፎከረ። በ1332 ንጉሡ ዘምተው ድል አደረጉት፥ ወንድሙን ጀማለ ዲንን ሾሙበት። ከዚያ በኋላ ከወላስማዕ ልጆች አንዳንዶቹ ለንጉሠ ነገሥቱ እየገበሩ በይፋት ተቀመጡ፤ አንዳንዶቹ አንገብርም ብለው ወደ ምሥራቅ ወረዱ። ሰዐደ ዲን የተባለው እየተዋጋ ሸሽቶ በ15ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ በዘይላ ተገደለ። ልጆቹ ወደ የመን ተሻግረው ተመለሱና የአዳልን መንግሥት አቆሙ። ከአዳል ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም፥ ግራኝ የተባለው፥ ተነሣ፤ በ1529 በሽምብራ ኩሬ ዐፄ ልብነ ድንግልን ድል አደረገ፥ በ1531 ደብረ ሊባኖስ ተቃጠለ፥ በ1543 እርሱም በወይና ደጋ ወደቀ። የይፋት ከተሞች ግን ከዚህ ሁሉ አስቀድሞ መንገዳቸው ወደ ምሥራቅ ዞሮባቸው ደክመው ነበረ። ስለዚህ በይፋት ፍርስራሽ በታየ ቁጥር ግራኝ ሠራው፥ ወይም ግራኝ አፈረሰው ማለት ዘመንን ማፋለስ ነው።

ድንጋዮቹን በተመለከተ፥ አባ አዛይስና ሮዤ ሻምባር የተባሉ ፈረንሳውያን በ1920ዎቹ በኢትዮጵያ ሲዞሩ ኖራን አይተው ጽፈዋል። ከዚያ ወዲህ ነገሩ ብዙ ዘመን ተረስቶ ቈየ። በ21ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ ፍራንሷ ዛቪዬ ፎቬልና በርትራን ሂርሽ ከኢትዮጵያውያን ባልንጀሮቻቸው ጋራ ሆነው ተረተሩን በእግር ዞሩ፤ የአስባሪን፥ የመሳልንና የኖራን ነገር በ2006 ገልጠው ጻፉ። ቀጥሎም በበሪ ይፋት ከቤተ ወላስማዕ የሆኑ ሰዎች መቃብር ዐረብኛ ከተጻፈበት ድንጋይ ጋራ ተገኘ። እንግዲህ በካይሮ የተጻፈው፥ በንጉሡ ዜና መዋዕል የተነገረው፥ በምድር ላይ የቆመው ድንጋይም፥ ሦስቱ ምስክሮች በአንድ ነገር ተስማሙ። ኦሪት ነገር በሁለት ወይም በሦስት ምስክር ይጸናል ባለችው መሠረት፥ የይፋት መንግሥት ነገር ጸንቷል።

ማን ሠራቸው የሚለው ግን ገና አልተመለሰም። በዚህ ነገር ሕዝብ ልዩ ልዩ ይናገራል። በሐረርጌ ምድር ያሉትን የመሰሉ ፍርስራሾች ሐርላ የሚባሉ ግዙፋን ሰዎች ሠሩት ይባላል። አንድም፥ አርጎባ ማለት አረብ ገባ ማለት ነው፥ ከባሕር ማዶ የመጡ ዐረቦች ሠሩት ይባላል። የፊተኛው የሰውን ሥራ ሰው ላልሆነ ይሰጣል፤ የኋለኛው የአገሬውን ሥራ ለእንግዳ ይሰጣል። ሁለቱም በአንድ ነገር ይገናኛሉ፤ ከዚህ ምድር ልጅ ይህን የሚያህል ሥራ አይወጣም ብለው ጀምረዋልና።

ይህን የሚያፈርሰው ራሱ ሕዝቡ ነው። የአርጎባ ቋንቋ ከዐረብ አልመጣም፤ የአማርኛ የቅርብ ዘመድ ነው፥ ዛሬም በሾንኬና በጦላሃ ይነገራል። አርጎባዎች በተራራ ወገብ ላይ ድንጋይ ከድንጋይ አጋጥመው ቤት መሥራትን እስከ ዛሬ ያውቁበታል። ነጋዴም፥ የሃይማኖት መምህርም ከባሕር ማዶ እንደ መጣ አይካድም፤ ነገር ግን መምህር መጣ ማለት ሕዝብ መጣ ማለት አይደለም። ፍሬምናጦስ ከጢሮስ መጣ፤ አኵስምን የሠራት ግን ጢሮሳዊ አይደለም። የአኵስምን ሐውልቶች፥ ቁመቱ 33 ሜትር የሆነውን የወደቀውንም ጭምር፥ የጠረቡት የአገሬው እጆች ናቸው።

ይህ ዐይነት ስሕተት በሌላም አገር ተደርጓል፥ ለኢትዮጵያ ሊቃውንትም በእጅጉ የሚነካ ነገር አለበት። በአፍሪቃ ደቡብ ታላቁ ዚምባብዌ የሚባል የድንጋይ ከተማ አለ፤ ከ11ኛው እስከ 15ኛው መቶ ዓመት የሾና ሕዝብ አባቶች የሠሩት ነው። ካርል ማውክ የተባለው ጀርመናዊ በ1871 ባየው ጊዜ፥ ጥቁር ሕዝብ ይህን አይሠራም ብሎ ስላሰበ፥ የንግሥተ ሳባ ቤት ነው አለ። በ1905 ራንዳል ማክአይቨር፥ በ1929 ገርትሩድ ኬተን ቶምፕሰን የተባለች ሴት ቆፍረው መርምረው የአገሬው ሥራ መሆኑን አስረዱ። ነጮች የገዙት መንግሥት ግን ብዙ ዘመን ይህን መስማት አልወደደም፤ ምክንያቱም አገሬው አንዳች አልሠራም ከተባለ ምድሩን መንጠቅ ይቀላል። በ1980 ነጻ በወጡ ጊዜ ሕዝቡ አገራቸውን በዚያ ከተማ ስም ዚምባብዌ አሉ። ኢትዮጵያ የምታከብራት ንግሥት ስም የሌላውን አፍሪቃዊ ርስት ለመካድ እንደ ተጠራ ያስተዋለ ካህን፥ በይፋት ያለውን ድንጋይ ለእንግዳ ከመስጠት ይጠነቀቃል።

ቅዱስ መጽሐፍ ራሱ በዚህ ነገር አያዳላም። በትንቢተ ኢሳይያስ ምዕራፍ 37 ሰናክሬም ኢየሩሳሌምን በከበበ ጊዜ ወሬው የተሰማበት የኢትዮጵያ ንጉሥ ቲርሐቅ የኩሽ ንጉሥ ነው፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ690 እስከ 664 ግብጽንና ኖብያን ገዛ። የነቢዩ ናሆም መጽሐፍ በምዕራፍ 3 የሚያነሣት ኖእ አሞን፥ ቴብስ የተባለችው፥ የኩሽ ነገሥታት ያከበሯት ከተማ ነበረች፤ አሦራውያን በ663 ዘረፏት። በግብረ ሐዋርያት ምዕራፍ 8 የተጠመቀው ጃንደረባ የህንደኬ ሹም ነው፤ ህንደኬ ደግሞ የአንዲት ሴት ስም ብቻ ሳይሆን የመርዌ ንግሥታት የሚጠሩበት ማዕርግ ነው። ከነዚህ ንግሥታት አንዷ አማኒሬናስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ25 ዓመት ገደማ ከሮም ጋራ ተዋጋች፤ ከዚያ ጦርነት የተማረከው የአውግስጦስ ቄሣር የነሐስ ራስ በ1910 ከመርዌ ምድር ተቈፍሮ ወጣ። መርዌ ፒራሚድ ሠራች፥ ብረት አቀለጠች፥ የራሷን ፊደል ጻፈች። መጻሕፍት ኩሽን የሚጠሩት በስሟ ነው፤ የኩሽን ሥራ ለሌላ ሕዝብ አልሰጡም።

በደጋውም እንዲሁ ነው። በመንዝ በመሻላ ማርያም አካባቢ ከ10ኛው እስከ 14ኛው መቶ ዓመት የኖሩ፥ በክርስቲያንም በእስላምም ሥርዐት ያልተቀበሩ ሰዎች መቃብር በድንጋይ ክምር ሥር ተገኝቷል። ከአፅማቸው ጋራ ጥቁር የሸክላ ዕቃና ከሩቅ አገር የመጣ ዶቃ ነበረ። ሊቃውንት ይህን የሻይ ባህል ብለው ሰይመውታል። እንግዲህ በአንድ ዘመን፥ በሁለት ሦስት ቀን መንገድ ውስጥ፥ ክርስቲያንም እስላምም ሌላም ሕዝብ ጎን ለጎን ይኖሩ ነበረ፤ ዶቃውና ጨርቁም ከአንዱ ወደ አንዱ ይተላለፍ ነበረ።

በዚህ ላይ ጥያቄ የሚያነሣ ይኖራል። የወላስማዕ ቤት የክርስቲያን ነገሥታት ጠላት ነበረ፤ ልጆቹም ኋላ አብያተ ክርስቲያናትን ያቃጠለውን ኃይል ወለዱ፤ ታዲያ ካህን ስለ ምን የነርሱን ግንብ ያነሣል ይላል። ምላሹ ይህ ነው። ከዐሥሩ ቃላት አንዱ በባልንጀራ ላይ በሐሰት አትመስክር የሚል ትእዛዝ ነው፤ ባልንጀራው ወዳጅ ሲሆን ብቻ ተብሎ አልተወሰነም። ሐሰት ምስክርነትም ያላደረገውን አደረገ ማለት ብቻ አይደለም፤ ያደረገውን አላደረገም ማለትም ነው። ደግሞም ጠብ የታሪኩ ሁሉ አይደለም። በ1841 የእንግሊዝ መልእክተኛ ሃሪስ ወደ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ በመጣ ጊዜ፥ የይፋትን ቆላ ለንጉሡ የሚጠብቅ፥ የጎንጮንም የመንግሥት እስር ቤት የሚያዝ ወላስማ መሐመድ የተባለ እስላም ሹም ነበረ። ቤቱ ከተነሣ ከ550 ዓመት በኋላ ስሙ ማዕርግ ሆኖ በክርስቲያን ንጉሥ አደባባይ ይጠራ ነበረ። የዓሊዩ አምባ ገበያም ክርስቲያኑንና እስላሙን በአንድ ያገናኝ ነበረ።

ለመኳንንት ዘርም የሚነገር አለ። ቤተ ሰሎሞን ክብሩን ከኢየሩሳሌም ቈጠረ፤ ቤተ ወላስማዕ ከቁረይሽ ቈጠረ። ሁለቱም ከባሕር ማዶ አባት ፈለጉ። የትውልዱ ነገር ለየባለቤቱ ይቈይና፥ የተገዛው ሕዝብ፥ የታረሰው እርሻ፥ የተጠረበው ድንጋይ ግን ከዚሁ ምድር ነው። ክብርን ከሩቅ የሚፈልግ ሰው በእግሩ ሥር ያለውን ሳያይ ይረግጠዋል።

ይህም ሁሉ የወሬ ነገር ብቻ አይደለም። በ2021 በአጣዬና በዙሪያዋ ባሉ ከተሞች እሳት ተነሥቶ ሰው አለቀ፥ ቤት ተቃጠለ፥ ገበያ ተፈታ። በእንዲህ ያለ ጊዜ እያንዳንዱ ወገን ምድሩ ከጥንት የእኔ ብቻ ነው ይላል፤ ለዚህም ድንጋይን ምስክር አድርጎ ይጠራል። የይፋት ድንጋዮች ግን እንዲህ ብለው አይመሰክሩም። በዚህ ቆላ ብዙ ሕዝብ እንደ ተገናኘ፥ ንግድ ሲሰፋ ሁሉ እንደ በለጸገ፥ ጦርነት ሲበረታ መንገዱ ዞሮ ከተማው ሁሉ ባዶ እንደ ቀረ ይመሰክራሉ።

ስለዚህ የሚገባው ሥራ የታወቀ ነው። ኦሪት ዘዳግም በምዕራፍ 19 የባልንጀራን የድንበር ምልክት ማፍለስን ትከለክላለች። የአባቶች መቃብርና የከተማ ግንብ የዘመናት ድንበር ነውና፥ ለአጥርና ለቤት መሠረት ብሎ ድንጋዩን የሚነቅል የሞተውንም ያልተወለደውንም ይበድላል። የደብር አለቃ የደብሩን፥ የመስጊድ ኢማም የመስጊዱን ይጠብቃል፤ ማንም የማይጸልይበትን የፈረሰ ስፍራ ግን ማን ይጠብቀው ቢሉ፥ በዙሪያው የሚያርስ ሕዝብ፥ ያንንም ሕዝብ የሚያስተምር መምህር ይጠብቀዋል። መምህሩም ልጁ በጠየቀው ጊዜ ሐርላም አይበል፥ ዐረብም አይበል፥ ግራኝም አይበል። በዚህ ተረተር ላይ የኖሩ፥ ከዘይላ እስከ ደጋ የነገዱ፥ በእስልምና ሃይማኖት የጸኑ፥ ከደጋው ነገሥታት ጋራም የተዋጉና የታረቁ የይፋት ሰዎች ሠሩት ይበለው። ልጁ ክርስቲያንም ቢሆን እስላምም ቢሆን መልሱ አንድ ነው፤ እውነቱ አንድ ነውና።